ሰውን ሳትቸኩል የምታይ ካሜራ፦ የኬት ማኩላ ሥራ በአየርላንድ ፊልምና ቴሌቪዥን

የተከበራችሁ የፊልም ሙያ ወዳጆች፣

በዲሴምበር 2022 በአይስላንድ ዋና ከተማ በሬይኪያቪክ በተካሄደው የአውሮፓ የፊልም ሽልማት ላይ የዓመቱ ምርጥ ሲኒማቶግራፈር (የፊልም ምስል ባለሙያ) ተብላ የተሸለመችው አየርላንዳዊቷ ኬት ማኩላ ነበረች። (ዛሬ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በጎርጎርዮስ አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ልናገር።) ለዚህ ያበቃት ፊልም «ዝምተኛዋ ልጅ» ይባላል። ጦርነትም፣ ወንጀልም፣ ከተማ የሚያናውጥ ክስተትም የለበትም። በ1981 የበጋ ወራት ድኻና ልጅ የበዛበት ቤተሰብ አንዲት የዘጠኝ ዓመት ሴት ልጁን ለዘመዶቹ ለጊዜው አደራ ይሰጣል፤ ልጅቷ እዚያ ምግብና ንጹሕ ልብስ፣ ከዚያም በላይ የሚያያት ሰው ታገኛለች። ታሪኩ ይኸው ነው። አብዛኛው ንግግርም በገዛ አገሩ እንኳ በየዕለቱ የሚናገረው ሰው ጥቂት በሆነው በአይሪሽ ቋንቋ ነው።

እንዲህ ያለው ትንሽ ፊልም በአውሮፓ መድረክ በምስሉ ተመርጦ ሲሸለም ብዙዎች እንደ ድንገተኛ ዕድል አድርገው ተመለከቱት። እኔ ግን ዛሬ በፊታችሁ የቆምሁት ነገሩ ድንገተኛ እንዳልነበረ ለማስረዳት ነው። ማኩላ በዚህ ፊልም ያሳየችው አያያዝ ቀደም ሲል በዘጋቢ ፊልሞች፣ በአንድ የረሃብ ዘመን ታሪክና በቴሌቪዥን ድራማ ላይ ደረጃ በደረጃ ያዳበረችው ነው፤ እነዚያን ሥራዎች አግኝታ እጇን እንድታፍታታ ያስቻላት ደግሞ አንዲት ትንሽ አገር ለፊልም ሙያ በሕዝብ ገንዘብ የዘረጋችው መሠረት ነው። ስለ ባለሙያዋ ብቻ ተናግሮ ስለ መሠረቱ ዝም ማለት ግማሹን መንገር ስለሚሆን ሁለቱን አጣምሬ እሄዳለሁ።

ሲኒማቶግራፈር ከዳይሬክተሩ ጋር ተመካክሮ ካሜራው የት እንደሚቆም፣ ከተዋናዩ ምን ያህል እንደሚርቅ፣ በየትኛው ሌንስ እንደሚያይ፣ ብርሃኑ ከየት እንደሚገባና ምን ያህሉ በጨለማ እንደሚቀር ይወስናል። የካሜራና የመብራት ቡድኑን ይመራል፤ ቀረጻው ካለቀ በኋላም የመጨረሻው የምስል ቀለም ሲስተካከል ይገኛል። ተመልካች ታሪኩን ሲከታተል እነዚህን ውሳኔዎች አንድ በአንድ አያስተውላቸውም፤ ነገር ግን ከሰውየው ጎን ተቀምጧል ወይስ ከሩቅ ይመለከተዋል የሚለውን ስሜት የሚሰጡት እነርሱ ናቸው። ስለዚህ አንድ ሲኒማቶግራፈር በዘመኑ ሁሉ የሚያዳብረው ዋናው ነገር ርቀት ነው ብል የተጋነነ አይመስለኝም፤ ከሰው ፊት ምን ያህል መቅረብ እንደሚገባ የማወቅ ጥበብ ማለቴ ነው።

አየርላንድ በዚህ ሙያ በኩል የምታሳዝን ታሪክ አላት። ቢያንስ ሦስት ጊዜ በምድሯ ላይ የተቀረጹ ፊልሞች በሲኒማቶግራፊ የኦስካር ሽልማት አግኝተዋል። በማዮ አውራጃ የተቀረጸው የጆን ፎርድ «ዘ ኳየት ማን» በ1952 ወጥቶ ለአሜሪካዊው ዊንተን ሆክና ለባልደረባው ሽልማቱን አስገኘ። በዲንግል ባሕረ ገብ መሬት የተሠራው «ራያንስ ዶተር» በ1970 ለእንግሊዛዊው ፍሬዲ ያንግ፣ ብዙው ክፍሉ በአየርላንድ የተቀረጸው «ባሪ ሊንደን» ደግሞ በ1975 ለሌላው እንግሊዛዊ ለጆን አልኮት አስገኙ። እነዚህ ሰዎች የሙያው አባቶች ናቸው፤ ሥራቸውን ማሳነስ አይቻልም፤ አልፈልግምም። ሆኖም ሦስቱም ጊዜ ደመናው፣ ባሕሩና አረንጓዴው መስክ የአየርላንድ ሆኖ ያየው ዐይን ግን የእንግዳ ነበር። በ1958 በብሬይ ከተማ የተከፈተው የአርድሞር ስቱዲዮም ለረጅም ጊዜ ያስተናግድ የነበረው በአብዛኛው ከውጭ የሚመጡ ፊልሞችን ነው፤ የውጭ ፊልም ሲመጣ ደግሞ ዳይሬክተሩ የራሱን ሲኒማቶግራፈር ይዞ ይመጣል፤ የአገሬው ልጅ ኬብል ይጎትታል፣ ሌንስ ያቀብላል።

ይህን የለወጡት ውሳኔዎች ናቸው። የአየርላንድ ብሔራዊ ቴሌቪዥን ስርጭቱን የጀመረው በ1961 የመጨረሻ ቀን ሲሆን ለአገሬው የካሜራ ባለሙያ የመጀመሪያው ቋሚ የሥራ ቦታ እርሱ ነበር። በ1981 ሥራ የጀመረው የፊልም ቦርድ በ1987 ወጪ ለመቀነስ ተብሎ እንዲቆም ተደረገ፤ በ1993 ግን ኋላ የአገሪቱ ፕሬዚዳንት የሆኑት ማይክል ዲ. ሂጊንስ የባህል ሚኒስትር ሳሉ እንደገና ነፍስ ዘራ። ዛሬ ስክሪን አየርላንድ የሚባለው እርሱ ነው። እኚሁ ሚኒስትር በሥልጣን ላይ ሳሉ በኦክቶበር 1996 በአይሪሽ ቋንቋ የሚያሰራጭ ጣቢያ ተከፈተ፤ ይህ ጣቢያ አሁን ቲጂ ፎር ይባላል። ፊልም ለሚሠሩ ድርጅቶች የተፈቀደው የግብር ማበረታቻም ተጨመረ፤ ማበረታቻውን የሚጠይቅ ፕሮዲዩሰር የአገሪቱን ሙያተኞች የሚያሠለጥንበትን ዕቅድ አብሮ እንዲያቀርብ ይገደዳል። ይህን ነጥብ የማነሣው በምክንያት ነው፦ ተሰጥኦ በየአገሩ ይወለዳል፤ ካሜራ ጨብጦ ዓመታት የሚሠራበት ዕድል ግን በራሱ አይመጣም።

ማኩላ የተማረችው በደብሊን አቅራቢያ ባለችው የወደብ ከተማ በደን ሊሪ በሚገኘው ብሔራዊ የፊልም ትምህርት ቤት ነው፤ ቀጥላም ወደ ፖላንድ ተሻግራ በዉች ከተማ በሚገኘው የታወቀ የፊልም ትምህርት ቤት አጥንታለች። የዉች ትምህርት ቤት በ1948 የተመሠረተ ሲሆን እነ ዋይዳንና ኪሽሎቭስኪን የመሳሰሉ ታላላቅ ዳይሬክተሮችን ያፈራ ነው። ሲኒማቶግራፈሩን የዳይሬክተሩ ትእዛዝ ፈጻሚ ሳይሆን የፊልሙ ሁለተኛ ደራሲ አድርጎ የማየት ልማድ በፖላንድ ሥር የሰደደ ነው። ከዚህ ልማድ ምን ይዛ እንደተመለሰች በሥራዎቿ ላይ የሚታይ ይመስለኛል፦ ፍሬሙ፣ ማለትም በምስሉ ጠርዞች ውስጥ የሚታየው ክልል፣ አስቀድሞ ታስቦበት ይቀመጣል፤ ከተቀመጠ በኋላ ደግሞ በትንሽ በትልቁ አይናወጥም።

ስሟን ከአገሯ ውጭ ያስጠራው የመጀመሪያ ሥራ ዘጋቢ ፊልም ነበር። ኬን ዋርድሮፕ የተባለው ዳይሬክተር በ2009 ያጠናቀቀው «ሂዝ ኤንድ ኸርስ» በመካከለኛው አየርላንድ የሚኖሩ 70 ሴቶችን ያናግራል፤ ከሕፃን ጀምሮ በዕድሜ እየተከተሉ እስከ አሮጊት ይደርሳሉ፤ ሁሉም የሚናገሩት በሕይወታቸው ስላለ ወይም ስለነበረ ወንድ ነው፦ ስለ አባት፣ ስለ ጓደኛ፣ ስለ ባል፣ ስለ ልጅ፣ በመጨረሻም ስለ ሞተ ባል። ወንዶቹ ራሳቸው አይታዩም። አንዲት ሴት ተናግራ ስትጨርስ ሌላዋ ካቆመችበት ዕድሜ ትቀጥላለች፤ ሰባዎቹ ሲደመሩ የአንዲት ሴት ዕድሜ ይሆናሉ። በ2010 በሰንዳንስ ፌስቲቫል በዓለም አቀፍ ዘጋቢ ፊልሞች ዘርፍ የሲኒማቶግራፊ ሽልማት የተሰጠው ለዚህ ፊልም ሲሆን ሽልማቱን ማኩላ የተቀበለችው ካሜራውን ከተጋራት ከማይክል ላቬል ጋር ነው።

በዚህ ፊልም ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ኋላ የመጣው ሁሉ ፍንጩ እዚህ አለና። የሚታየው የተራ ሰው ቤት ነው፦ ወጥ ቤት፣ ኮሪደር፣ መኝታ ቤት፣ የደረጃ ግርጌ፣ የልብስ ማስጫ ገመድ። ካሜራው አንድ ቦታ ይቆማል፤ ሴትየዋ ሰሃን ታጥባለች፣ ልብስ ትተኩሳለች፣ ሻይ ትጠጣለች። ብዙ ጊዜ የበር መቃን ወይም የመስኮት ክፈፍ ሰውነቷን ከቦ ይይዛል፤ ካሜራውም ደጃፍ ላይ ቆሞ ግባ እስኪሉት እንደሚጠብቅ እንግዳ ይሆናል። ብርሃኑ በአመዛኙ ከመስኮት የሚገባ ነው። ቃለ መጠይቅ የሚቀርጽ ሰው ዘወትር የሚፈተንበት አንድ ነገር አለ፦ ተናጋሪው እንባ ሲያቀር ወዲያው ሌንሱን ወደ ፊቱ መሳብ። እዚህ ግን ያ አይደረግም። ባሏን የቀበረች ሴት ስለ እርሱ ስትናገር ግድግዳዋ፣ ወንበሯና ባዶው ቦታ አብረዋት ፍሬም ውስጥ ይቀራሉ፤ ሐዘኑን የምናነበው ከፊቷ ብቻ ሳይሆን አንድ ሰው ከጎደለበት ክፍል ነው። ሰባ ጊዜ በሰባ ቤት ውስጥ ይህን ያህል መታገሥ ለአንድ የካሜራ ባለሙያ ምን ያህል ታላቅ ትምህርት እንደሚሆን ሥራውን የሞከረ ያውቀዋል።

ከዚያ በኋላ ከሠራቻቸው ዘጋቢ ፊልሞች መካከል የኢመር ሬይኖልድስን «ዘ ፋርዘስት» ባጭሩ ልጥቀስ። በ1977 ወደ ህዋ ስለተላኩት ሁለቱ የቮየጀር መንኮራኩሮች የሚተርክ ነው፤ በ2017 ወጥቶ በተከታዩ ዓመት በሳይንስና ቴክኖሎጂ ዘጋቢ ፊልም ዘርፍ የኤሚ ሽልማት አግኝቷል። ፕላኔቶቹ ሁላችንም የምናውቃቸው የናሳ ምስሎች ናቸው፤ የማኩላ ድርሻ በዋናነት ያረፈው በምድር ላይ ባሉት ሰዎች፣ መንኮራኩሮቹን ሠርተው በላኩት ሽማግሌ ሳይንቲስቶች ላይ ነው። እነዚህ ሰዎች ስለ ማሽን ሲናገሩ ልጃቸውን ሩቅ አገር እንደላኩ ወላጆች ሆነው ይታያሉ፤ ይህን ያደረገው ከቃላቸው እኩል አቀማመጣቸውና የፊታቸው ብርሃን ነው።

በ2019 የወጣው «አራክት» ወደ ልብ ወለድ ፊልም የወሰዳት ትልቅ ሥራ ነበር። ዳይሬክተሩ ቶማስ ኦ ሱላቮን ሲሆን ታሪኩ የሚጀምረው በ1845፣ የድንች ሰብል በበሽታ መበስበስ በጀመረበት ጊዜ ነው። በተከተሉት ዓመታት ከስምንት ሚሊዮን በላይ ከነበረው የአየርላንድ ሕዝብ አንድ ሚሊዮን ያህሉ በረሃብና በበሽታ አለቀ፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይ የሚሆነው ተሰደደ። ፊልሙ ይህን ሁሉ ለመናገር አይሞክርም። በምዕራብ ጠረፍ በኮነማራ የሚኖር አንድ ዓሣ አጥማጅን ይከተላል፤ ሰውየው ቤተሰቡንም ስሙንም አጥቶ በባሕር ዳር ዋሻ ይደበቃል፤ እዚያ አንዲት የተጣለች ልጅ ያገኛል። የዋሻው ትዕይንቶች እጅግ ጨለማ ናቸው፤ ማኩላም ጨለማውን አልፈራችም። ዓሣ አጥማጁን የሚጫወተው የዶናል ኦ ሄሊ የከሳ ሰውነት ሙሉ በሙሉ አይገለጥም፤ ትከሻው፣ የጎድን አጥንቱ፣ ዐይኑ ከጥላ ውስጥ በየተራ ብቅ ይላሉ። ውጭው ደግሞ የአትላንቲክ ሰማይ ነው፤ ደመናው በየደቂቃው ስለሚለዋወጥ በአንድ ሾት (ካሜራው ሳያቋርጥ በሚቀርጸው አንድ ምስል) መጀመሪያና መጨረሻ ብርሃኑ አንድ አይሆንም። ሌላ ቡድን መልሶ እስኪመሳሰል ይጠብቅ ይሆናል፤ በዚህ ፊልም ግን መለዋወጡ የታሪኩ አካል ሆኖ ተቀምጧል።

እዚህ ላይ ኢትዮጵያዊ ተመልካች ሌላ ነገር ማስታወሱ አይቀርም። በኦክቶበር 1984 ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ ሞሐመድ አሚን በኮረም የቀረጸው የረሃብ ምስል በቢቢሲ ዘገባ ዓለምን አዳረሰ፤ ያን ዘገባ አይቶ የርዳታ ዘፈንና ኮንሰርት ያስተባበረው ቦብ ጌልዶፍም የዚያችው የደን ሊሪ ከተማ ተወላጅ አየርላንዳዊ ነው። ያ ምስል ብዙ ነፍስ እንዳተረፈ አምናለሁ፤ ያንኑ ያህል ደግሞ እኛን ስም በሌለው ሕዝብ መልክ ለረጅም ዘመን በዓለም ዐይን አቆመን። «አራክት»ን ሳይ ያሰብሁት ይህንኑ ነው፦ አንድ ሕዝብ ስለ ራሱ ረሃብ በራሱ ቋንቋ፣ በራሱ ዐይን ሲቀርጽ መጀመሪያ የሚያደርገው ለተራበው ሰው ስም፣ ቤትና ጀልባ መስጠት ነው። ዜና ቀራጩ በአንድ ቀን የደረሰበትን ማሳየት አለበትና ይህን ሊያደርግ አይችልም፤ የፊልሙ ሰው ግን ሊያደርገው ይችላል፤ ስለዚህም ሊያደርገው ይገባል።

«አራክት» ሊሠራ የቻለው ቲጂ ፎር፣ ስክሪን አየርላንድና የአገሪቱ የብሮድካስት ባለሥልጣን በ2017 «ሲኔ ፎር» በሚል ስም ባቋቋሙት ዕቅድ ነው። ዕቅዱ በአይሪሽ ቋንቋ ለሚጻፉ ሙሉ ፊልሞች ገንዘብ ይሰጣል። «ዝምተኛዋ ልጅ»ም የዚሁ ዕቅድ ውጤት ናት። የምናነሣት ሲኒማቶግራፈር ሁለት ታላላቅ የልብ ወለድ ፊልሞቿን ያገኘችው ለንግድ አይሆንም ይባል በነበረ ቋንቋ መሆኑን ልብ በሉልኝ።

ሌሎች የአየርላንድ ልጆች የሄዱበት መንገድ ይለያል። ከደብሊን የተነሣው ሮቢ ራያን፣ እርሱም በደን ሊሪ የተማረ ነው፣ ስሙን ያገነነው በብሪታንያ ከአንድሪያ አርኖልድና ከኬን ሎች ጋር በመሥራት፣ ኋላም ከግሪካዊው ዳይሬክተር ከዮርጎስ ላንቲሞስ ጋር በመጣመር ነው፤ ሁለት ጊዜ ለኦስካር ታጭቷል። የአርማው ተወላጅ ሼመስ ማክጋርቪም እንዲሁ ሁለት ጊዜ የታጨ፣ ታላላቅ የእንግሊዝና የሆሊውድ ፊልሞችን የቀረጸ ሰው ነው። እነዚህን አደንቃቸዋለሁ። ይሁንና ስለ አንድ አገር የፊልም ሙያ መናገር ለሚፈልግ ሰው የበለጠ የምታስተምረው ዋናው ሥራዋ ከአገሯ አፈር ላይ የበቀለችው ማኩላ ናት።

ወደ ቴሌቪዥኑ እንምጣ። በኤፕሪል 2020፣ ዓለም በኮሮና ምክንያት ቤቱ በተዘጋበት ሰሞን «ኖርማል ፒፕል» የተባለው ተከታታይ ድራማ ወጣ። ከሳሊ ሩኒ ልብ ወለድ የተወሰደ ሲሆን ማሪያንና ኮነል የተባሉ ሁለት ወጣቶች ከስላይጎ አውራጃ ትምህርት ቤት እስከ ደብሊን ትሪኒቲ ኮሌጅ የሚያሳልፉትን ፍቅር ይተርካል። ክፍሎቹ 12 ናቸው። የመጀመሪያዎቹን ስድስት ሌኒ ኤብራሃምሰን ሲያዘጋጅ ካሜራውን የያዘችው ሱዚ ላቬል ነበረች፤ የቀሩትን ስድስት ሄቲ ማክዶናልድ ስታዘጋጅ ሲኒማቶግራፈሯ ማኩላ ሆነች። ለኦስካር የሲኒማቶግራፊ ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ ሴት የታጨችው ሽልማቱ ከተጀመረ በ90ኛው ሥነ ሥርዓት፣ በ2018 መሆኑን ለሚያውቅ ሰው፣ በዘመኑ እጅግ ከታዩት ድራማዎች የአንዱን ካሜራ ከዳር እስከ ዳር ሁለት አየርላንዳውያን ሴቶች መምራታቸው በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም።

ሌላ ሰው የጀመረውን ድራማ ከመካከሉ ተቀብሎ መቀጠል ከባድ የሙያ ፈተና ነው። ላቬልና ኤብራሃምሰን በእጅ የተያዘ፣ ለፊት እጅግ የቀረበ፣ ከበስተኋላ ያለውን ዓለም በድብዝዝነት የሚተው የአቀራረጽ ቋንቋ አስቀምጠዋል፤ ተመልካቹም ለምዶታል። ተተኪዋ ያንን ብታፈርስ ድራማው ለሁለት ይከፈላል፤ እንዳለ ብትደግመው ደግሞ እየተለወጡ ላሉት ገጸ ባሕርያት አይበቃም። ታሪኩ በሁለተኛው አጋማሽ ወደ ጣሊያን የበጋ ፀሐይ፣ ከዚያም ወደ ስዊድን በረዶ ይሄዳል፤ ሁለቱ ወጣቶችም ተለያይተዋል። ማኩላ ቅርበቱን ጠብቃ በዙሪያቸው ያለውን ባዶ ቦታ አሰፋችው። በስዊድን ክፍል ማሪያን በነጭ ብርሃንና በቀዝቃዛ ክፍሎች ውስጥ ብቻዋን ስትቀር፣ ደስታ የሌለበት መሆኑን ለማወቅ ንግግር መስማት አያስፈልግም።

ከሁሉ በላይ ግን አሥረኛውን ክፍል ላንሣ። ኮነል ጓደኛው ራሱን ካጠፋ በኋላ በከባድ ድብርት ተይዞ ወደ ዩኒቨርሲቲው የሥነ ልቡና አማካሪ ይሄዳል፤ ፖል መስካል የሚባለው ወጣት ተዋናይ ወንበር ላይ ተቀምጦ ይናገራል፤ ካሜራውም ፊቱ ላይ ይቆያል። ሙዚቃ አይገባም፤ ካሜራውም ወደ ሌላ ነገር አይሸሽም። ያ የማየት መንገድ ከየት እንደመጣ ለመገመት አያዳግትም፦ በመካከለኛው አየርላንድ ወጥ ቤቶች ውስጥ ሴቶቹ ሲናገሩ ተናግረው እስኪጨርሱ የቆመችው ያቺው ካሜራ ናት። በዚያው ክፍል ማሪያን ከስዊድን በኮምፒውተር መስኮት ታነጋግረዋለች፤ ኮነል እንቅልፍ ሲወስደው እርሷ ሳትዘጋው ትቆያለች። ትንሽ መስታወት ላይ የሚታይ ፊትን የፍቅር ትዕይንት ማድረግ የሚቻለው ብርሃኑ በጥንቃቄ ሲለካ ብቻ ነው።

ይህ ድራማ ብዙ የመኝታ ትዕይንቶች እንዳሉበት ይታወቃል፤ በእኛ ባህል ስለ እንዲህ ዓይነቱ ነገር በአደባባይ መናገር እንደሚከብድም አውቃለሁ። አንድ የሙያ ነጥብ ስላለበት ግን አላልፈውም። እነዚህ ትዕይንቶች የተሠሩት አይታ ኦብራየን በተባለች የቅርበት ትዕይንቶች አስተባባሪ እየተመሩ ነበር፤ እያንዳንዱ እንቅስቃሴ ተዋንያኑ ፈቅደውት፣ አስቀድሞ ተጠንቶ ይሠራል። በዚያ ክፍል ውስጥ ከተዋናዩ አንድ ክንድ ርቆ የሚቆመው ካሜራ የያዘው ሰው ነው። ተዋናዩ እርሱን ካላመነ ሌላው ዝግጅት ሁሉ ከንቱ ይሆናል። ስለዚህ ከመሣሪያ እውቀት እኩል የሰው ጠባይ የሙያው ክፍል ነው፤ ይህንን በየትኛውም አገር ካሜራ ለሚይዝ ወጣት ደግሜ እናገራለሁ።

አሁን ወደ «ዝምተኛዋ ልጅ» ልመለስ። ፊልሙ የተወሰደው ከክሌር ኪገን አጭር ልብ ወለድ ነው፤ ለዳይሬክተሩ ለኮለም ባሬድ የመጀመሪያው ሙሉ ልብ ወለድ ፊልሙ ሲሆን የተቀረጸውም በ2020 በወረርሽኙ መካከል ነው። የልጅቷን የኮይትን ቦታ ይዛ የተጫወተችው ካትሪን ክሊንች ከዚያ በፊት በፊልም ላይ አልታየችም። ባሬድና ማኩላ የወሰኑት የመጀመሪያው ትልቅ ነገር የምስሉ ቅርጽ ነበር፤ ዛሬ የለመድነውን ሰፊ ምስል ትተው የጥንቱን፣ ወደ አራት ማዕዘን የቀረበውን ፍሬም መረጡ። የዚህ ውሳኔ ትርጉም የሚገባን ከላይ የጠቀስኋቸውን ሦስት የኦስካር ፊልሞች ስናስታውስ ነው። ያ ሁሉ ሰፊ የአየርላንድ መልክአ ምድር፣ ለቱሪስት ካርድ የሚሆነው ሁሉ፣ በዚህ ፍሬም ከግራና ከቀኝ ይቆረጣል። የሚቀረው አንዲት ልጅ ልታየው የምትችለው ያህል ነው። ልጅ ቤት ውስጥ የሚሆነውን ሁሉ አያይም፤ ግማሽ በር፣ የአዋቂ ወገብ፣ የመኪና የኋላ መስኮት፣ ከጠረጴዛ ማዶ የሚንቀሳቀስ እጅ ያያል፤ የቀረውን በጆሮው ይሞላል። ተመልካቹም እንዲሁ ይደረጋል።

ከዚያ በኋላ ሁለቱን ቤቶች አስተያዩ። በአባቷ ቤት ክፍሎቹ ደብዛዛ ናቸው፤ ልጅቷ ወደ ፍሬሙ ጠርዝ ተገፍታ ወይም ጀርባዋን ሰጥታ ትታያለች፤ አዋቂዎቹ ብዙ ጊዜ አንገታቸው ላይ ይቆረጣሉ። በዘመዶቿ በኪንሴላዎች ቤት ብርሃን በመስኮት ይገባል፤ ነገር ግን ወዲያው አይደለም። በመጀመሪያው ቀን ቤቱ ለእርሷ ባዕድ ነው፤ ብርሃኑም ባዕድ ነው። ሴትየዋ ጸጉሯን እየቆጠረች ስታበጥርላት፣ ሁለቱ ከምንጩ ውኃ ሲቀዱ፣ ዝምተኛው ሰውዬ አጠገቧ ጠረጴዛ ላይ አንዲት ብስኩት ትቶላት ሲያልፍ፣ ልጅቷ ቀስ በቀስ ወደ ፍሬሙ መካከል ትመጣለች። ብስኩቷ የምትታይበት ሾት ለእኔ የፊልሙ ልብ ነው። ሰውየው ይቅርታ አይጠይቅም፣ እወድሻለሁም አይልም፤ አልፎ ይሄዳል። ካሜራው ወደ ብስኩቷ ሮጦ ቢጠጋ ነገሩ ይበላሽ ነበር፤ ተገቢ ርቀቱን ስለጠበቀ ግን የሰውየው ዓይን አፋርነት ሳይነካ ይቀራል።

ከልጅ ጋር መሥራት የራሱ ሕግ አለው። ልጅ በቀን ሊሠራ የሚፈቀድለት ሰዓት የተወሰነ ነው፤ ስለዚህ ትልቅ የመብራት ዝግጅት እየተተከለና እየተነቀለ ጊዜ ሊባክን አይችልም። በዘጋቢ ፊልም ከመስኮት በሚገባ ብርሃን መሥራትን የተማረች ሲኒማቶግራፈር እዚህ ላይ ያላት ብልጫ ግልጽ ነው። ክፍሉ ከሞላ ጎደል ዝግጁ ከሆነ ልጅቷ ገብታ ትጫወታለች፤ በመሣሪያ ተከባ አትሸበርም። በፊልሙ የምናየው የካትሪን ክሊንች የረጋ እይታ የተዋናይቷ ስጦታ ነው፤ ስጦታውን ያልረበሸው ግን የቀረጻው አሠራር ይመስለኛል።

ፊልሙ በፌብሩዋሪ 2022 በበርሊን ፌስቲቫል ለልጆችና ለወጣቶች በተዘጋጀው ዘርፍ የዓለም አቀፍ ዳኞችን ታላቅ ሽልማት አገኘ፤ በአየርላንድና በብሪታንያ ሲኒማ ቤቶች ከአንድ ሚሊዮን ዩሮ በላይ ያስገባ የመጀመሪያው የአይሪሽ ቋንቋ ፊልም ሆነ፤ በ2023 ለኦስካር የዓለም አቀፍ ፊልም ሽልማት የታጨ የመጀመሪያው የአይሪሽ ቋንቋ ፊልምም እርሱ ነው። በዚያው በ2023 ማኩላ «ዘ አንላይክሊ ፒልግሪሜጅ ኦፍ ሃሮልድ ፍራይ» በተባለው ፊልም ላይ ከሄቲ ማክዶናልድ ጋር ዳግመኛ ሠራች። ጂም ብሮድቤንት የሚጫወተው ሽማግሌ ከእንግሊዝ ደቡብ ምዕራብ ተነሥቶ እስከ ሰሜናዊቷ በሪክ በእግሩ ይሄዳል፤ ያቺ ለአንድ የዝምታ ቤት የበቃች ካሜራ አሁን ሙሉ አገር ከሚያቋርጥ ሰው ጋር ትራመዳለች። ከአንድ ዳይሬክተር ጋር በስድስት የቴሌቪዥን ክፍሎች የተገነባ መተማመን ወደ ሲኒማ ሲሻገር ማለት ነው፤ የዚህ ሙያ ሥራ በአብዛኛው የሚገኘውም በዚህ መንገድ ነው።

ከመሰናበቴ በፊት በተለይ ካሜራ ለያዛችሁ ወጣቶች የቤት ሥራ ልስጥ። «ሂዝ ኤንድ ኸርስ»ን፣ የ«ኖርማል ፒፕል»ን አሥረኛ ክፍልና «ዝምተኛዋ ልጅ»ን በዚህ ቅደም ተከተል ተመልከቱ። ከእያንዳንዳቸው አንድ አንድ ትዕይንት ምረጡና ድምፁን ዘግታችሁ ድገሙት። ካሜራው የት እንደቆመ፣ መስኮቱ በየት በኩል እንደሆነና ሰውየው ተናግሮ ከጨረሰ በኋላ ሾቱ ስንት ሰከንድ እንደቆየ ጻፉ። በሚቀጥለው ስንገናኝ የጻፋችሁትን ይዛችሁ ኑ፤ ከዚያ ላይ እንነጋገራለን።